ድካም ስንት ያወጣል? ከፔቲ እስከ ማርክስ የዘለቀ ክርክር ሲዳሰስ

በመስከረም 1832 ለንደን ውስጥ ግሬይስ ኢን ሮድ በሚባለው ጎዳና ላይ አንድ እንግዳ ገበያ ተከፈተ። ጫማ ሰፊው ጫማውን፣ ልብስ ሰፊው ኮቱን፣ አናጢው ወንበሩን ይዞ ይመጣል። ገማቾች ዕቃውን ገልበጥ ገልበጥ አድርገው ያዩና የጥሬ ዕቃውን ዋጋ ከሥራው ሰዓት ጋር ደምረው ይተምናሉ። ባለሙያው ግን ሺሊንግ አይከፈለውም፤ የሚሰጠው የሥራ ሰዓት የተጻፈበት ወረቀት ነው። በዚያ ወረቀት ሌላ ሰው ሠርቶ ያመጣውን፣ ያንኑ ያህል ሰዓት የተተመነበትን ዕቃ ይወስዳል። ሐሳቡ የሮበርት ኦወን ነበር። ኦወን በጥጥ ፋብሪካ ሀብት ያፈራና በኋላ ስለ ኅብረት ሥራ ማኅበራት የሰበከ ሰው ነው። ገበያው በ1834 ተዘጋ። ተፈላጊው ዕቃ ወዲያው እየተነሣ፣ ማንም የማይፈልገው መደርደሪያ ላይ ይከመር ጀመር። ገማቾቹ ደግሞ ከመነሻው አንዱን ሰዓት በ6 ፔንስ ስላሰሉት፣ ወረቀቱ ሲመረመር የሰዓት ስም የተሰጠው ፔንስ ሆኖ ተገኘ።

ገበያው የቆመው የዕቃን ዋጋ የሚወስነው የፈጀው የሰው ጉልበት ነው በሚል እምነት ላይ ነው። ዛሬ ብዙዎቻችን ይህን ሐሳብ ከካርል ማርክስ ስም ጋር ብቻ እናያይዘዋለን፤ በአብዮቱ ዘመን የውይይት ክበብ ውስጥ ያለፈማ “ትርፍ እሴት” የሚለውን ቃል ከእንቅልፉ ቢቀሰቅሱትም ያስረዳል። ማርክስ ግን ወደ ክርክሩ የገባው ሌሎች ሁለት መቶ ዓመት ያህል ከተሟገቱበት በኋላ ነው። ከእርሱ በፊት መሬት ቀያሽ ሐኪም፣ የግብረ ገብ ፍልስፍና መምህር፣ የአክሲዮን ነጋዴና ከባሕር ኃይል የወጣ መኮንን ተፈራርቀውበታል። (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመቶች፣ ዓ.ም. ካልተባለባቸው በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

እንደማየው ከሆነ የዚህ ክርክር ጣጣ ሦስት ጥያቄዎች በአንድ ጥላ ሥር መሰብሰባቸው ነው። ሀብት ከየት ይመጣል? የሁለት ዕቃዎች ዋጋ በምን ይመዛዘናል? የተመረተውስ ለማን ይገባል? ለመጀመሪያው “ከሥራ” ብሎ የመለሰ ሰው ለሁለተኛው “በሥራ ሰዓት” ብሎ የመመለስ ግዴታ የለበትም፤ ለሁለተኛው “በሥራ ሰዓት” ያለም ለሦስተኛው “ለሠራተኛው” ሊል አይገደድም። ጸሐፍቱ ግን ከአንዱ ጥያቄ ወደ ሌላው ድልድይ ሳይሠሩ ይሻገራሉ። ጥፋታቸውም ብርታታቸውም የሚመነጨው ከዚህ ነው።

ሥራን የሀብት ምንጭ ማድረግ የእንግሊዞች ግኝት አይደለም። የቱኒሱ ተወላጅ ኢብን ኻልዱን በ1377 በጻፈው ሙቀዲማ ውስጥ የሰው ገቢ በአመዛኙ የሥራው ዋጋ መሆኑን ያስረዳል፤ በአናጢውና በሸማኔው ምርት ውስጥ ከእንጨቱና ከክሩ ይልቅ ሥራው እንደሚበልጥም ይናገራል። አርስጣጣሊስም ቤትና ጫማ በምን እኩልነት ይለዋወጣሉ ብሎ ጠይቆ ነበር፤ ከፍላጎትና ከገንዘብ አልፎ ግን መልስ አላገኘም። ማርክስ ለዚህ የሰጠው ምክንያት ልብ ይነካል፤ በባሪያ ጉልበት በሚኖር ኅብረተሰብ ውስጥ የተቀመጠ ፈላስፋ የሰዎች ሥራ ሁሉ እኩል ሚዛን ላይ ሊቀመጥ ይችላል ብሎ ሊያስብ አይችልም ነበር ይላል።

አሃዝ ይዞ ወደ ጉዳዩ የገባው ዊልያም ፔቲ ነው። ፔቲ በኦክስፎርድ የአካል ጥናት ያስተማረ ሐኪም ነበር። የእንግሊዙ የጦር መሪ ክሮምዌል አየርላንድን ካስገበረ በኋላ ከካቶሊኮች የተወረሰውን መሬት ለወታደሮችና ለጦርነቱ ላበደሩት ለማከፋፈል፣ በ1655 እና በ1656 አገሪቱን ያስለካው እርሱ ነው፤ ለራሱም በኬሪ ግዛት ሰፊ መሬት ደረሰው። የተነጠቀ መሬት ስንት ያወጣል የሚለው ጥያቄ ለእርሱ የዕለት ሥራው ነበር ማለት ነው። በ1662 ባወጣው የግብር መጽሐፉ መሬትን እንደ እናት፣ ሥራን እንደ አባት አድርጎ የሀብት ወላጆች አላቸው። አንድ ሰው አንድ ቁና እህል በሚያመርትበት ጊዜ ሌላው ከፔሩ ማዕድን አንድ ወቄት ብር አውጥቶ ለንደን ማድረስ ከቻለ፣ አንዱ የሌላው ተፈጥሯዊ ዋጋ ነው ሲልም አሰላ። ነገር ግን እናትና አባቱን ወደ አንድ መለኪያ ማምጣት ፈለገ። በታጠረ መስክ ላይ ጥጃ ቢለቀቅና ማንም ሳይደክምበት ቢሰባ፣ የጨመረው ሥጋ የመሬቱ ድርሻ ነው፤ ሰው ገብቶ ሲሠራበት ከዚያ በላይ የተገኘው ደግሞ የሰውየው። ሁለቱም በስንት ሰው የዕለት ምግብ ይመነዘራሉ? በመጨረሻ መለኪያው ሥራ መሆኑ ቀርቶ ሠራተኛው የሚበላው ቀለብ ሆነ። ይህ መንሸራተት ከፔቲ በኋላም ደጋግሞ ይመጣል።

ጆን ሎክ የሚጠቀሰው ለሦስተኛው ጥያቄ ነው። ሰው የራሱ አካል ባለቤት ስለሆነ፣ ጉልበቱን የቀላቀለበት ነገርም የራሱ ይሆናል አለ፤ ከሚጠቅሙን ነገሮች ዋጋ ውስጥ ከመቶ ዘጠና ዘጠኙ የሥራ ውጤት ሊሆን እንደሚችልም ገመተ። ለድሃው የቆመ ይመስላል። ክርክሩ ግን አሜሪካ ውስጥ ያልታረሰ መስሎ የታየው መሬት ከነባሮቹ ተወስዶ ለአራሹ ይገባል ለማለትም ያገለግላል። ከሁሉ የከፋችው በዚያው ምዕራፍ ያለች አንዲት ምሳሌ ናት፤ አገልጋዬ የቆረጠው ሣር የእኔ ነው ይላል ሎክ፣ ፈረሴ ከጋጠው ጋር አንድ ላይ አድርጎ። ጉልበቱን የቀላቀለው አገልጋዩ፣ ባለቤቱ ጌታው! ሎክ በባሪያ ንግድ በሚታወቀው የንጉሣዊ አፍሪካ ኩባንያ ውስጥ ባለ አክሲዮን እንደነበረ ለሚያውቅ አንባቢ ምሳሌዋ በድንገት ያመለጠች አትመስልም።

ፈረንሳዮቹ ፊዚዮክራቶች ሌላ መንገድ ያዙ። መሪያቸው ፍራንሷ ኬኔ የቬርሳይ ቤተ መንግሥት ሐኪም ነበር፤ በ1758 የነደፈው የኢኮኖሚ ሠንጠረዥ ምርት በገበሬው፣ በባለመሬቱና በእጅ ባለሙያው መካከል እንዴት እንደሚዘዋወር ያሳያል። ለእርሱ ከወጪ ተርፎ አዲስ ነገር የሚጨምረው እርሻ ብቻ ነው፤ የእጅ ባለሙያው የበላውን ያህል ይመልሳል እንጂ አይጨምርም። የአገሩን አራሽ ከአንጥረኛው አስበልጦ፣ ሸማኔውንና ፋቂውን ደግሞ ዝቅ አድርጎ የኖረ ኅብረተሰብ ለዚህ ሐሳብ እንግዳ አይሆንም። ኬኔን ግን በንቀት አንክሰሰው፤ ምርት እንደ ደም ይዘዋወራል፣ ትርፉም የሆነ ቦታ ላይ ይፈጠራል ብሎ መጠየቁ ራሱ ትልቅ እርምጃ ነበር።

አዳም ስሚዝ ከኬኔ ጋር ፓሪስ ተገናኝቷል፤ ያከብረዋልም። የብሔሮች ሀብት የተሰኘው መጽሐፉ በመጋቢት 1776 ሲወጣ ግን ከመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ጀምሮ የአገር ሀብት ምንጭ ዓመታዊ ሥራዋ ነው ብሎ ተነሣ። ታዋቂው የስፒል ፋብሪካ የሚመጣው ለዚህ ነው። ሥራው ተከፋፍሎ፣ አንዱ ሽቦ ሲስብ፣ አንዱ ሲያቃና፣ ሌላው ሲያሾል አሥር ሰዎች በቀን 48,000 ስፒል ያወጣሉ፤ ለየብቻ ቢሠሩ ግን አንዱ ሰው በቀን ሃያ እንኳ ማውጣቱ ያጠራጥራል። እስከዚህ ድረስ የተመለሰው የመጀመሪያው ጥያቄ ነው።

ስሚዝ ወደ ሁለተኛው ሲሻገር እግሩ ይወላገዳል። የአንድ ነገር እውነተኛ ዋጋው ለማግኘት የሚጠይቀው ድካምና መከራ ነው ይላል፤ ቆየት ብሎም ሀብታም መሆን ማለት የሌላውን ሰው ጉልበት ማዘዝ መቻል ነው ይላል። ሁለቱ አንድ አይደሉም። ዕቃው ሲሠራ የፈጀው ጉልበት አለ፤ ዕቃው ሲሸጥ ሊቀጥር የሚችለው ጉልበት አለ። ሁለቱ እኩል የሚሆኑት ሠራተኛው የሠራውን ሁሉ ይዞ የሚሄድ ከሆነ ብቻ ነው። ስሚዝ ይህን ያውቃል። ለዚህም ነው ወደ ጥንት አዳኞች የሚወስደን፦ መሬት ያልተያዘበት፣ ካፒታል ያልተከማቸበት ዘመን፤ ቢቨር የተባለውን የወንዝ አውሬ መግደል አጋዘን ከመግደል እጥፍ ድካም ከጠየቀ፣ አንድ ቢቨር በሁለት አጋዘን ይለወጣል። መሬት ባለቤት ሲያገኝና ሥራ አሠሪ ሲመጣ ግን ሕጉ ይለወጣል። ከዚያ ወዲያ ዋጋ የደመወዝ፣ የትርፍና የመሬት ኪራይ ድምር ይሆናል።

ብዙ አንባቢ የሚዘልላት አንዲት ስሌት እዚያው ምዕራፍ ውስጥ አለች። ትርፍ የአሠሪው የቁጥጥር ደመወዝ ነው የሚሉትን ለመመለስ ስሚዝ ሁለት ፋብሪካ ያቀርባል። እያንዳንዱ 20 ሠራተኛ በዓመት 15 ፓውንድ እየከፈለ ይቀጥራል፤ ደመወዙ በሁለቱም 300 ፓውንድ ነው። አንደኛው ግን ርካሽ የ700 ፓውንድ ጥሬ ዕቃ፣ ሌላው ውድ የ7,000 ፓውንድ ጥሬ ዕቃ ይጠቀማል። ትርፉ ከመቶ 10 ከሆነ የመጀመሪያው 100፣ ሁለተኛው 730 ፓውንድ ያገኛል፤ የመቆጣጠሩ ሥራ ግን ያው ነው። ስሚዝ ያሰበው ትርፍና የአሠሪ ድካም እንደማይገናኙ ለማሳየት ነበር። ሳያስበው ያሳየው ደግሞ ሌላ ነገር ነው፤ እኩል ቁጥር ያለው ሠራተኛ ባለበት የተለያየ ትርፍ ካለ፣ ትርፍ የሚከተለው በፋብሪካው ውስጥ ያለውን ጉልበት ሳይሆን የገባውን ካፒታል ነው። ቀጥሎ የምናገኘው ሪካርዶ እስከ ዕለተ ሞቱ የታገለው ከዚህች ስሌት ጋር ነው ማለት ይቻላል።

ስሚዝን እንደ ባለሀብት ጠበቃ ብቻ ለሚያውቁት ደግሞ፣ አሠሪዎች ደመወዝ እንዳይጨምር ዘወትር በዝምታ እንደሚስማሙ የጻፈው እርሱ ነው። ዕድሜ ልኩን ሁለት ሦስት እንቅስቃሴ ብቻ የሚደጋግም ሠራተኛ አእምሮው እንደሚደነዝዝም በመጽሐፉ መጨረሻ አካባቢ ያስጠነቅቃል፤ ያ ሠራተኛ መጀመሪያ ላይ በአድናቆት ያስጎበኘን የስፒሉ ፋብሪካ ሰው መሆኑ ነው። ምርታማና ምርታማ ያልሆነ ብሎ ሥራን ሲከፍል ግን የሚያጨቃጭቅ መዝገብ ይተዋል። የሚሸጥ ዕቃ ላይ የማያርፍ ሥራ ሁሉ፣ ከንጉሡና ከወታደሩ እስከ ቄሱ፣ ሐኪሙ፣ አዝማሪውና የቤት ሠራተኛው፣ በሁለተኛው ረድፍ ይገባል። ንጉሡንና አገልጋዩን አንድ መደብ ውስጥ መክተቱ ድፍረት ነው። ሆኖም ዛሬ ቤይሩትና ሪያድ በሰው ቤት ሠርተው ወንድም የሚያስተምሩት፣ ለወላጅ ቤት የሚያሠሩት እህቶቻችንም በዚህ መዝገብ መሠረት ምንም አያፈሩም። የእናት ሥራ፣ ልጅ ማሳደጉና ወጥ መሥራቱ፣ ጭራሽ በመዝገቡ አልሰፈረም። ባሪያውም እንዲሁ ነው። ስሚዝ ያስተማረበት ግላስጎው ባሪያዎች ባለሙት ትምባሆ የበለጸገ ከተማ ነበር፤ እርሱም የባሪያ ሥራ ውሎ አድሮ ከሁሉ የሚወደድ ነው ብሎ ተችቷል። ዋጋ በሚሰላባቸው ምዕራፎች ውስጥ ግን የሚታየው ጉልበቱን ወዶ የሚሸጥ ሰው ብቻ ነው።

ዴቪድ ሪካርዶ በ1799 ባዝ ከተማ ሳለ ነው የስሚዝን መጽሐፍ ያገኘው። በለንደን የአክሲዮን ገበያ ሀብታም የሆነ፣ ከአምስተርዳም ከመጣ የአይሁድ ቤተሰብ የተወለደ፣ ዩኒቨርሲቲ ያልገባ ሰው ነበር። ወደ ጽሑፍ የገፋፋው ደግሞ ክርክር ነው። በ1815 የባለመሬቶች ፓርላማ የስንዴ ዋጋ በኳርተር 80 ሺሊንግ እስኪደርስ ድረስ የውጭ እህል እንዳይገባ ሕግ አወጣ። ዳቦ ተወደደ። ሪካርዶ ማወቅ የፈለገው ይህ ውድነት የማንን ኪስ እንደሚሞላና የማንን እንደሚያራቁት ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ በታተመው መጽሐፉ መግቢያ ላይም የዘርፉ ዋና ጥያቄ ምርቱ በባለመሬት፣ በባለካፒታልና በሠራተኛ መካከል የሚከፋፈልበት ሕግ መሆኑን ጻፈ። ስለ እሴት ያለው ሁሉ የዚህ ጥያቄ መሣሪያ ነው፤ ይህን የዘነጋ ሪካርዶን ያጣዋል።

መሣሪያው እንዲህ ይሠራል። ብርቅ ሥዕሎችን፣ የጥንት ሳንቲሞችንና ከተለየ መሬት ብቻ የሚወጣ ወይንን ወደ ጎን እንተው፤ እነርሱ በሰው ሥራ አይበዙም። የሚበዙት ዕቃዎች ግን የሚለዋወጡት በፈጁት ጉልበት መጠን ነው፤ መሣሪያውንና ሕንፃውን ለመሥራት የፈሰሰው ጉልበትም ይቆጠራል። እህል የሚወደደው ኪራይ ስለሚከፈልበት አይደለም። ሕዝብ ሲበዛ ደካማ መሬት ይታረሳል፤ እዚያ የሚፈጀው ብዙ ድካም የእህሉን ዋጋ ይወስናል፣ ለም መሬት ያለውም ልዩነቱን በኪራይ ስም ይሰበስባል። ዋጋው በጉልበት መጠን ከተወሰነ ደግሞ፣ ደመወዝ ሲጨምር የሚቀንሰው ትርፍ ነው እንጂ ዋጋው ሁሉ አብሮ አይጨምርም። ስሚዝ ዋጋን ደምሮ ነበር የሚያገኘው፤ ሪካርዶ ጠቅላላውን አውቆ አካፈለው። አንዱ ሲበዛለት የሌላው ድርሻ የሚያንስበት ስሌት ያን ጊዜ ወለል ብሎ ታየ።

ችግሩ ጊዜ ነው። 100 ፓውንድ ደመወዝ የፈጁ ሁለት ዕቃዎች አሉ እንበል፤ አንዱ በዓመቱ ይሸጣል፣ ሌላው ሁለት ዓመት ጓዳ ይቀመጣል። የተለመደው ትርፍ ከመቶ 10 ከሆነ የመጀመሪያው 110፣ ሁለተኛው 121 ፓውንድ ካላወጣ ማንም ሁለተኛውን አያመርትም። ጉልበቱ አንድ፣ ዋጋው ሁለት። ሪካርዶ ይህን ከመጀመሪያው እትም ጀምሮ ያውቅ ነበር፤ በ1821 በወጣው ሦስተኛ እትም ይበልጥ አስፋፋው፤ በዚህ ሰበብ የሚመጣው ለውጥ ቢበዛ ከመቶ ስድስት ወይም ሰባት አይበልጥም ብሎም ራሱን አጽናና። ሕሊናው ግን አላረፈም። በ1823 ለወዳጁ ለማኩሎክ በጻፈው ደብዳቤ፣ ሦስት አራት ዓመት ጓዳ የሚቀመጠውን ወይንና ምናልባት ሲተከል ሁለት ሺሊንግ ያልፈጀውን፣ በኋላ ግን 100 ፓውንድ የሚያወጣውን የኦክ ዛፍ ማለፍ እንዳቃተው አመነ። ያን ጊዜ ይጽፈው የነበረው የእሴት ጽሑፍ ሳይጠናቀቅ በዚያው ዓመት መስከረም ላይ ሞተ። ጽሑፉ አየርላንድ ውስጥ የተገኘው በ1943 ነው። ማኩሎክማ መላ አላጣም፤ ጓዳ ውስጥ በወይኑ ላይ የምትሠራው ተፈጥሮ ናት፣ ያም ሥራ ነው አለ። ደቀ መዝሙር መምህሩን ለማዳን ሲል የቃሉን ትርጉም ባዶ ማስቀረቱ እንዲህ ያለው ነው።

ከሪካርዶ ጋር ሳይስማሙ በፍቅር የኖሩ ሁለት ሰዎችንም ማንሣት ይገባል። ማልተስ ስሚዝ ካለው ውስጥ ዕቃው የሚያዝዘውን ጉልበት መለኪያ አድርጎ ይዞ፣ የባለመሬት ወጪ ገበያውን ይደግፋል ብሎ እስከ መጨረሻው ተከራከረ። ፈረንሳዊው ዣን ባቲስት ሴይ ደግሞ መነሻው ጥቅም ነው፣ ሰው ለማይጠቅመው ነገር አይከፍልም አለ። ሪካርዶ ጥቅም ግዴታ መሆኑን ተቀብሎ መለኪያ መሆኑን ግን ነፈገው። ከዚህ ክበብ ውጭ የመጣው ሳሙኤል ቤይሊ ከሁለቱም ይልቅ ጠንካራ ነበር። የሼፊልድ ነጋዴ የነበረው ቤይሊ በ1825፣ እሴት እንደ ርቀት በሁለት ነገሮች መካከል ያለ ግንኙነት ነው፤ በአንድ ዕቃ ሆድ ውስጥ የሚቀመጥ እሴት ብሎ ነገር የለም አለ።

በዚያው በ1825 ቶማስ ሆጅስኪን የተባለ የቀድሞ የባሕር ኃይል መኮንን ስሙን ሳይገልጽ አንዲት ትንሽ መጽሐፍ አወጣ። ሠራተኞች እንዳይደራጁ የሚከለክለው ሕግ የተሻረው በ1824 ነበር፤ ገና ዓመቱ ነው። ሆጅስኪን የጠየቀው ቀላል ነገር ነው። ካፒታል የተጠራቀመ ሥራ ነው ካላችሁ፣ መርከቡን የሠራውና የሚነዳው ሠራተኛ ከሆነ፣ ባለካፒታሉ የሚካፈለው በምን ሥራው ነው? ዊልያም ቶምፕሰንና ጆን ግሬይም ተመሳሳይ ጥያቄ አንሥተዋል፤ የኦወን የሰዓት ወረቀት የዚያው ቤተሰብ ልጅ ነው። የሪካርዶ የቅርብ ወዳጅ ጄምስ ሚል ይህ ትምህርት በሠራተኛው ዘንድ መሰራጨቱን ሲሰማ ደንግጦ ለባለሥልጣን ወዳጁ እስከ መጻፍ ደረሰ።

እዚህ ላይ አንድ የተለመደ ትረካ አለ፤ ብዙ ግራ ዘመም ጸሐፊ ይደግመዋል። ምሁራኑ የጉልበትን ንድፈ ሐሳብ የጣሉት ሆጅስኪን ስላስፈራቸው ነው ይባላል። እውነት የለውም አልልም፤ በ1830ዎቹ የተጻፉ ትችቶች አንዳንዶቹ ፍርሃታቸውን አይደብቁም። ናሶ ሲኒየር ትርፍን የባለካፒታሉ “ራስን መግታት” ዋጋ ነው ብሎ በ1836 ሲያቀርብ ባለሀብቱም እንደ ሠራተኛው መሥዋዕት የከፈለ ሆኖ መገኘቱ አጋጣሚ አይመስልም። ነገር ግን ቀኖቹን ማስተያየት ይጠቅማል። ወይኑን ማለፍ አቃተኝ ያለው ራሱ ሪካርዶ ነው፤ ያለውም የሆጅስኪን መጽሐፍ ከመውጣቱ ሁለት ዓመት በፊት። ስንጥቁ ከውስጥ ነበር። ሆጅስኪን ባይወለድ ኖሮም ቤይሊ ያንኑ መጽሐፍ ይጽፍ ነበር ብዬ አምናለሁ። ሆጅስኪን የያዘው ሐሳብም ቢሆን ከሪካርዶ ይልቅ ወደ ሎክ ይቀርባል፤ ስለ ባለቤትነት የተሰነዘረ እንጂ ስለ ዋጋ የተሰላ ክርክር አይደለም።

ጆን ስቱዋርት ሚል፣ የጄምስ ልጅ፣ በ1848 ስለ እሴት ሕጎች ከእንግዲህ የሚጣራ ነገር አልቀረም ብሎ ጻፈ። ኢኮኖሚስቶች ቀልድ ሲያምራቸው የሚያነሡት ዓረፍተ ነገር ነው።

ማርክስ የወረሰው እንግዲህ የተሰነጠቀ ቤት ነው። “ክላሲካል” የሚለውን ስም ከፔቲ እስከ ሪካርዶ ላሉት ያወጣላቸውም እርሱ ነው፤ የሚንቃቸውን “ተራ” እያለ ከእነርሱ ለየ። በ1867 የታተመው የካፒታል አንደኛ ቅጽ ሦስት ነገር ጨመረ። አንደኛ፣ የሚቆጠረው ሰነፉ የፈጀው ሰዓት ሳይሆን በዘመኑ መሣሪያና በአማካይ ችሎታ የሚያስፈልገው ሰዓት ነው፤ በእንፋሎት የሚሠራ መሸመኛ እንግሊዝ ሲገባ የእጅ ሸማኔው ያንኑ ሰዓት እየሠራ የምርቱ ዋጋ በግማሽ ወረደ። ይህ የኦወንን ገማቾች ችግር በከፊል ይመልሳል፤ የሚያስፈልገውን ሰዓት የሚነግረን ገበያው ራሱ ነውና። ሁለተኛ፣ ሁሉም ሥራ ወደ አንድ ረቂቅ የሰው ጉልበት ይመነዘራል አለ። ሦስተኛውና ብልኅነቱ የሚታይበት፣ ሠራተኛው የሚሸጠው ሥራውን ሳይሆን የመሥራት አቅሙን ነው ማለቱ ነው። አቅሙ እንደ ማንኛውም ሸቀጥ በእውነተኛ ዋጋው ይገዛል፤ ያም ሠራተኛውንና ቤተሰቡን የሚያኖር ቀለብ ነው። የፔቲ የዕለት ምግብ እነሆ ተመልሶ መጣ። በ12 ሰዓት የሥራ ቀን ስድስቱ ሰዓት ቀለቡን ከተካ የቀረው ስድስት ሰዓት ትርፍ እሴት ነው። ማንም ማንንም አላጭበረበረም፤ ሁሉም በዋጋው ተሸጠ፤ ትርፍ ግን ተገኘ። ሆጅስኪን ሌብነት ያየበትን ቦታ ማርክስ እንደ ደንቡ የሚሠራ ገበያ አሳየ፤ ከሌብነቱ ይልቅ ይህ ያስፈራል።

ወይኑ ግን አሁንም ጓዳ ውስጥ ነው። ማርክስ ያውቀው ነበር፤ ችግሩን የሚመልስበትን የሦስተኛ ቅጽ ረቂቅ የጻፈው አንደኛው ቅጽ ከመታተሙ በፊት ነው። ወዳጁ ኤንግልስ ረቂቁን አስተካክሎ በ1894 ሲያወጣው መልሱ ታወቀ፤ ካፒታል ከዘርፍ ዘርፍ ሲፈስ ትርፍ እኩል ይሆናል፣ የየዕቃው ዋጋ ከእሴቱ ይለያያል፣ በጠቅላላው ግን የዋጋ ድምር ከእሴት ድምር ጋር፣ የትርፍ ድምርም ከትርፍ እሴት ድምር ጋር እኩል ነው። ኦስትሪያዊው በም ባቬርክ በ1896 ሦስተኛው ቅጽ አንደኛውን ያፈርሳል ብሎ ጻፈ። ሁለቱ እኩልነቶች አንድ ላይ በጥቅሉ አይጸኑም የሚለው ስሌታዊ ተቃውሞ እስከ ዛሬ ያከራክራል፤ ለእኔ ከተቃዋሚዎቹ ወገን ያለው ስሌት ይበልጥ ያሳምነኛል።

ያኔ ሌላው ወገን ጨዋታውን ቀይሮ ነበር። ጄቮንስ በእንግሊዝ፣ መንገር በቪዬና በ1871፣ ቫልራስ በሎዛን በ1874 ዋጋን ከመጨረሻው ጠብታ ጥቅም አነሡት። ስሚዝ ያለፈው እንቆቅልሽ፣ ውኃ ያለ እርሱ የማይኖርበት ሆኖ ሳለ ርካሽ የሆነበት፣ አልማዝ ግን ብዙም ሳይጠቅም የሚወደድበት ምክንያት፣ በአንድ ገጽ ተፈታ። ለጄቮንስ አንድ ጊዜ የፈሰሰ ጉልበት ለወደፊቱ ዋጋ ምንም አይፈይድም፤ ያለፈ አለፈ። ሥራ ዋጋን የሚነካው ነገ ምን ያህል ዕቃ እንደሚቀርብ በመወሰን ብቻ ነው። እንግሊዛዊው ማርሻል በ1890 ጥቅምንና የማምረቻ ወጪን አስታረቀ። በዚህ እርቅ የጠፋው ግን ሦስተኛው ጥያቄ ነው። ደመወዝም ትርፍም እንደ ማንኛውም ዋጋ ሆኑ፤ እያንዳንዱ ያበረከተውን ያህል ያገኛል ተባለ፣ ክፍፍሉ የጥያቄ ርዕስ መሆኑ ቀረ።

በአማርኛ ይህን ጥያቄ ቀድሞ ያነሣው ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ነው። ጀርመን ተምሮ የተመለሰው ገብረ ሕይወት የጻፈው መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር ከሞቱ በኋላ በ1916 ዓ.ም. ታተመ። መነሻው የታወቀ ነው፤ የሀብት ምንጭ ሥራ ነው። ከዚያ ግን እንግሊዞቹ ብዙም ወዳልዘለቁበት ይሄዳል። እነርሱ ጉልበትን በአንድ አገር ውስጥ በአሠሪና በሠራተኛ መካከል ሲያካፍሉ፣ እርሱ በሁለት ሕዝቦች መካከል ያለውን ልውውጥ አየ። ዕውቀት ያለው ሕዝብ በጥቂት ድካም የሚሠራውን፣ ዕውቀት ያልያዘው በብዙ ድካም ባገኘው የምድር ፍሬ ይለውጣል፤ ገበያው ሰላማዊ ቢሆንም ብዙ ቀን ለጥቂት ቀን እየተሰጠ ነው። ሰውየው በጉምሩክ ሥራ ላይ ስለነበረ ምን ወጥቶ ምን እንደሚገባ በየዕለቱ ያይ ነበር። የጉልበት ሚዛን በትክክል የዕቃ ዋጋ ባይነግረንም፣ አንድ አገር በልውውጥ ስንት ቀን ሰጥታ ስንት ቀን እንደምትቀበል ለመጠየቅ ይበቃል፤ ገብረ ሕይወትም የተጠቀመበት ለዚህ ነው።

የሪካርዶን ጽሑፎች ሰብስቦ ከ1951 ጀምሮ ያሳተመው ፒዬሮ ስራፋ በ1960 መቶ ገጽ ያህል የምትሆን ቀጭን መጽሐፍ አወጣ። የእያንዳንዱ ዕቃ አመራረት ከታወቀና የደመወዙ ድርሻ ከተሰጠ፣ ዋጋውና የትርፉ መጠን በእኩልታዎች ይገኛል። የጉልበት ሰዓትን ወደ እሴት፣ እሴትን ወደ ዋጋ መመንዘር አያስፈልግም፤ በዚህ በኩል የጉልበት ንድፈ ሐሳብ አላስፈላጊ ሆነ። ነገር ግን እኩልታዎቹ ሁልጊዜ አንድ ያልታወቀ ቁጥር ይቀራቸዋል። የአመራረቱ ስልት ቢዘረዘር እንኳ ከምርቱ ስንቱ ለደመወዝ፣ ስንቱ ለትርፍ እንደሚሆን አይነግሩም፤ ያ ቁጥር ከውጭ መምጣት አለበት፤ ከደመወዝ ድርድር፣ ከሥራ ማቆም፣ ከሕግ ወይም ከወለድ መጠን። ሪካርዶ በ1817 ዋናው ጥያቄ ነው ያለው ይኸው ቁጥር ነበር።